ዣን ቪጎ

ዣን ቪጎ (ኤፕሪል 26 ቀን 1905 – ኦክቶበር 5 ቀን 1934 እ.ኤ.አ.) ፈረንሳዊ የፊልም ዳይሬክተርና ኤዲተር ነበር። በ29 ዓመቱ በሳንባ ነቀርሳ ሲሞት ሠርቶ የጨረሳቸው ፊልሞች አራት ብቻ ነበሩ፤ አራቱም ተደምረው ሦስት ሰዓት አይሞሉም። አንደኛው በመንግሥት ሳንሱር ታገደ፣ የመጨረሻው ደግሞ እሱ አልጋ ላይ ሳለ በሌሎች እጅ ተቆራረጠ። ስለዚህ በሕይወቱ እያለ ሥራውን በደንብ ያየለት ሰው ጥቂት ነው። (በዚህ ገጽ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ልጅነት

ቪጎ በፓሪስ ተወለደ። አባቱ ሚጌል አልሜሬይዳ በሚል የብዕር ስም የሚጽፍ አናርኪስት ጋዜጠኛና «ቀይ ቆብ» የተባለው ጋዜጣ አዘጋጅ ነበር። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ከጀርመን ገንዘብ ተቀብሏል ተብሎ ታሰረ፤ በኦገስት 1917 በፍሬን እስር ቤት በጫማ ማሰሪያ ታንቆ ሞቶ ተገኘ። ባለሥልጣናቱ ራሱን ገደለ አሉ፤ ሰው ገድሎታል የሚለው ጥርጣሬ ግን እስከ ዛሬ አልጠፋም። ልጁ ያኔ 12 ዓመቱ ነበር። የማን ልጅ እንደሆነ እንዳይታወቅ ዣን ሳል በሚል ሌላ ስም ተመዘገበና በደቡብ ፈረንሳይ ትምህርቱን ቀጠለ። በሚዮ ከተማ አዳሪ ትምህርት ቤት ያሳለፋቸው ዓመታት በኋላ ለፊልሙ መነሻ ሆነዋል።

ገና በወጣትነቱ ሳንባው ታመመ። በፒሬኔ ተራሮች በሚገኘው ፎን ሮሙ ሲታከም፣ እንደሱ ታማሚ ከነበረችው ከፖላንዳዊቷ ኤሊዛቤት ሎዚንስካ (ሊዱ) ጋር ተዋወቀ፤ በ1929 ተጋቡ። አየሩ ለጤናቸው ይሻላል ብለው ኒስ ከተማ ሰፈሩ።

የመጀመሪያ ሥራዎች

ቪጎ በኒስ ስቱዲዮ ለአጭር ጊዜ የካሜራ ረዳት ሆኖ ሠራ። የሚስቱ አባት 100,000 ፍራንክ ሲሰጡት ያገለገለ ካሜራ ገዛና ከቦሪስ ካውፍማን ጋር «ስለ ኒስ» (1930) የተባለውን ድምፅ አልባ ፊልም ሠራ። ካውፍማን የታዋቂው የሶቪየት ፊልም ሠሪ የዚጋ ቬርቶቭ ወንድም ነው። ሁለቱ ካሜራቸውን ደብቀው በባሕር ዳር የሚዝናኑትን ሀብታሞች፣ ከዚያም የድሆቹን ጠባብ ሰፈሮች ቀረፁ።

ፊልሙን ልዩ ያደረገው ግን ኤዲቲንጉ ነው፤ ይህን ያከናወነው ቪጎ ራሱ ነው። አንዲት ወንበር ላይ የተቀመጠች ሴት ምስሉ በተቆረጠ ቁጥር ልብሷ ይቀየራል፣ በመጨረሻም ራቁቷን ትታያለች። ጫማ የሚያስጠርግ ሰው በሚቀጥለው ቁራጭ ባዶ እግሩን ነው። ተራኪ የለም፤ ቀልዱም ወቀሳውም ያለው ሁለት ምስሎች በሚገናኙበት ቦታ ላይ ነው።

በ1931 ስለ ዋናተኛው ዣን ታሪስ የ10 ደቂቃ ያህል ፊልም ሠራ። ትእዛዝ ስለነበር ብዙ አልወደደውም ይባላል። ሆኖም ውሃ ውስጥ መቅረፅን የተማረው በዚህ ነው፤ ዋናተኛው ከውሃው ወደ ኋላ ተወርውሮ ሲወጣ የሚታየው ፊልሙን ገልብጦ በማስኬድ ነው።

«ዜሮ ለጠባይ»

ፕሮዲዩሰሩ ዣክ ሉዊ ኑኔዝ ገንዘብ አግኝቶለት በ1933 «ዜሮ ለጠባይ» ወጣ፤ የ44 ደቂቃ ያህል ፊልም ነው። የአዳሪ ትምህርት ቤት ልጆች በአስተማሪዎቻቸው ላይ ሲያምፁ ያሳያል። ርዝመቱ አስቀድሞ በውል ስለተገደበ ቪጎ ትዕይንቶችን ማውጣት ነበረበት፤ ታሪኩ አንዳንድ ቦታ የሚዘለው ለዚህ ነው። ልጆቹ በትራስ ተማተው ላባው እንደ በረዶ ሲበን በዝግታ እንቅስቃሴ የሚታየው ክፍል በጣም የታወቀ ነው። ሞሪስ ዦቤር ለዚህ የጻፈውን ሙዚቃ ሙዚቀኞቹ ከመጨረሻው ወደ መጀመሪያው እንዲጫወቱት አደረገ፣ ከዚያ ቅጂውን ገለበጠው። ዜማው ወደ ቦታው ሲመለስ የእያንዳንዱ ድምፅ አጀማመር ግን የተገለበጠ ሆነ። ዛሬ በኮምፒውተር አንድ ቁልፍ ተጭኖ የሚሠራ ነገር ነው፤ ያኔ ግን ሙሉ የሙዚቃ ጓድ አስፈልጎታል።

ሳንሱሩ ፊልሙን አገደው። በፈረንሳይ ለሕዝብ የተፈቀደው ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ነው።

«ላታላንት» እና ሞቱ

ኑኔዝ በዚህ ሳይሸሽ ሁለተኛ ዕድል ሰጠው፤ ይህ ሊመሰገንበት ይገባል። በዚህ ጊዜ የሰጠው ምንም የማያስቆጣ ታሪክ ነበር፦ አንዲት የገጠር ልጅ የወንዝ ጭነት ጀልባ አለቃ አግብታ በጀልባው ላይ ትኖራለች። ዲታ ፓርሎ፣ ዣን ዳስቴና ሚሼል ሲሞን ተወኑበት። ቀረፃው በ1933–34 ክረምት በቦዮች ላይ ስለነበር ብርዱ ለቪጎ ሳንባ ከባድ ሆነ። ቀረፃው ሲያበቃ አልጋ ያዘ፤ አብዛኛውን ኤዲቲንግ ሉዊ ሻቫንስ ሠራ።

በኤፕሪል 1934 ለሲኒማ ቤት ባለቤቶች ሲታይ አልወደዱትም። አከፋፋዩ ጎሞን ፊልሙን ወደ 65 ደቂቃ ገደማ አሳጠረው፣ ከዦቤር ሙዚቃ ብዙውን አስወጥቶ በጊዜው የተወደደ ዘፈን አስገባ፣ ርዕሱንም በዘፈኑ ስም ቀየረው። የመጀመሪያ ፊልሙን እያንዳንዱን ቁራጭ በእጁ የቀጠለ ሰው፣ የመጨረሻውን ለማስጣል ከአልጋ የሚነሣበት አቅም አልነበረውም። የተቆራረጠው ቅጂ በሴፕቴምበር ታይቶ ብዙም ሳይቆይ ወረደ። ቪጎ በኦክቶበር 5 ቀን ፓሪስ ውስጥ አረፈ። ሊዱ በ1939 ሞተች፤ ልጃቸው ሉስ የፊልም ሐያሲ ሆነች።

ከሞቱ በኋላ

ከ1951 ጀምሮ በፈረንሳይ ለወጣት ፊልም ሠሪዎች በስሙ ሽልማት ይሰጣል። «ላታላንት»ም በ1962 እና በ1992 የብሪታንያ መጽሔት «ሳይት ኤንድ ሳውንድ» ከሐያስያን ባሰባሰበው ድምፅ ከምርጥ አሥር ፊልሞች መካከል ገብቷል። የተቆረጡትን ክፍሎች ለመመለስ በተለያዩ ጊዜያት ተሞከረ፤ ትልቁ ሥራ ግን በ1990 ተከናወነ። በለንደን የፊልም ቤተ መዛግብት ከጎሞን መቀስ ያመለጠ የ1934 ቅጂ ተቀምጦ ነበር። በዚያና በሌሎች ቁርጥራጮች ላይ ተመሥርቶ 89 ደቂቃ የሚሆን ፊልም ተሰናዳ፤ ስሙም ዳግመኛ «ላታላንት» ተባለ።