ከወፍጮ እስከ መጽሐፈ ምሥጢር፦ አባ ጊዮርጊስ ዘጋሥጫ

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ፤ አሜን።

በጾመ ፍልሰታ ሌሊት ተነሥተን ወደ ቤተ ክርስቲያን ስንሄድ ካህናቱ ሰዓታት ቆመው እንደርሳለን። ነጠላችንን አጣፍተን፣ እንቅልፍ እየታገለን የምንሰማው ይህ ጸሎት የማን ድካም እንደ ሆነ ስንቶቻችን አስበናል? ድርሰቱ የአባ ጊዮርጊስ ዘጋሥጫ ነው። ይህ አባት ደግሞ ብዕር ከመጨበጡ በፊት መጅ የጨበጠ ሰው ነው።

አባ ጊዮርጊስ በ1357 ዓ.ም. ገደማ በወሎ፣ በቦረና ሀገር ተወለደ። አባቱ ሕዝበ ጽዮን በንጉሡ ሰፈር የሚያገለግል ካህን ነበር፤ እናቱ እምነ ጽዮን ትባላለች። ልጃቸው እንዲማርላቸው ተመኝተው ወደ ሐይቅ እስጢፋኖስ ሰደዱት። ሐይቅ በ13ኛው መቶ ዘመን አባ ኢየሱስ ሞዐ ያቋቋሙት፣ አቡነ ተክለ ሃይማኖትም የተማሩበት ታላቅ ገዳም ነው።

ታዲያ ልጁ ትምህርት አልገባው አለ። አንድ ዓመት አይደለም፣ ሁለት ዓመት አይደለም፣ ሰባት ዓመት! ጓደኞቹ እያለፉት ሄዱ፤ መሣቂያም አደረጉት። ወደ ቤቱ ቢመልሱት አባቱ ለእግዚአብሔር የሰጠውን ልጅ መልሶ መውሰድ እንደማይገባው ተናግሮ፣ ካልተማረም ገዳሙን እንዲያገለግል መልሶ ሰደደው።

እንግዲህ አስቡት። የካህን ልጅ ለመጽሐፍ መጥቶ ለወፍጮ ቀረ። የዚያን ጊዜው ወፍጮ የዛሬው በመብራት የሚዞረው አይደለም፤ መጁን በሁለት እጅ ይዞ፣ ወገብ እስኪቆረጥ ጎንበስ ብሎ እህሉን ማድቀቅ ነው። በሀገራችን ልማድ ለሴቶች የተተወ፣ ወንድ የሚያፍርበት ሥራ ነበር።

ገድሉ እንደሚነግረን ጊዮርጊስ ለማኅበሩ እህል እየፈጨ፣ በእመቤታችን ሥዕል ፊት እያለቀሰ ይለምን ነበር። እመቤታችንም ተገለጠችለት፤ ቅዱስ ዑራኤልም የጥበብን ጽዋ አጠጣው። ያ ትምህርት እንቢ ያለው ልጅ አርጋኖንን፣ ሰዓታትን፣ ውዳሴ መስቀልን ደረሰ። የንጉሡን ልጆች አስተማረ፣ ስለ ሃይማኖቱ ተከራከረ፣ በከሳሾች ወሬም ታሰረ። በዕድሜው ማብቂያ ታላቁን መጽሐፈ ምሥጢር ጽፎ ሐምሌ 7 ቀን 1417 ዓ.ም. ዐረፈ።

ይህን ታሪክ ስንሰማ ብዙዎቻችን ቶሎ ብለን ወደ ጽዋው እንሮጣለን። እኔም እንደዚያ ነበር የማስተምረው። አንድ ቀን ግን ከትምህርት በኋላ አንድ ወንድም ቀረበኝ። ዲፕሎማ አለው፤ በተማረበት ሥራ ስላጣ እህል በረንዳ ጆንያ ይሸከማል። ጠዋት ጠዋት ከመኝታው የሚያስነሣ ነገር እንዳጣ ነገረኝ። ለጊዮርጊስ ጽዋው መጣለት፤ ለእኔስ ባይመጣ? ነው ጥያቄው። የዚያን ዕለት መልስ አልነበረኝም።

በኋላ ግን ታሪኩን ደግሜ ሳስበው መልሱ ከጽዋው በፊት ባለው ዘመን ውስጥ ሆኖ አገኘሁት። ጽዋው ባይመጣ ኖሮ ያ ዱቄት ዱቄት አይሆንም ነበር እንዴ? መነኮሳቱ በልተውታል። የሣቁበት ተማሪዎች ሳይቀሩ እርሱ ከፈጨው በልተው ነው መጽሐፋቸውን ያጠኑት። እግዚአብሔር ጊዮርጊስን ደራሲ ሲሆን አይደለም ማየት የጀመረው፤ ወፍጮው ላይ ጎንበስ ብሎ ሳለም ያየው ነበር።

የሥነ ልቡና ምሁራንም አንዱን ሥራ ሰዎች በሦስት ዓይን እንደሚያዩት ይናገራሉ፦ አንዱ እንደ እንጀራ ማግኛ፣ አንዱ እንደ መሰላል፣ አንዱ እንደ ጥሪ። ሥራው ያው ሆኖ ዓይኑ ይለያያል። ሥራውን ጥሪ የሚያደርገው ድካማችን ማንን እንደሚመግብ ማየታችን ነው።

ከተማችን ድሬዳዋ በ1895 ዓ.ም. ባቡር ሲደርስ የተቆረቆረች የሠራተኛ ከተማ ናት። በዚያ ፀሐይ ሐዲድ የዘረጉት፣ ፉርጎ የጫኑትና ያወረዱት ሰዎች የአብዛኞቹ ስም በመጽሐፍ የለም። በእግዚአብሔር ዘንድ ግን የተረሳ የለም።

ይህን ስል የተበደለ ሠራተኛ ዝም ይበል ማለቴ አይደለም። የሠራተኛን ደመወዝ ማስቀረት ጩኸቱ ወደ ሰማይ የሚደርስ ኃጢአት ነው፤ እየጾሙ የሰው ላብ መብላትም ጾም አይባልም። የተሻለ ሥራ መፈለግም ነውር አይደለም፤ ጊዮርጊስም እየፈጨ ዕውቀትን መለመኑን አልተወም።

ለዚያ ወንድሜ በሚቀጥለው እሑድ ይህንኑ ነገርኩት። ጥቂት ዝም ብሎ፣ የተሸከመው እህል የት የት እንደሚሄድ ጠይቆ እንደማያውቅ ነገረኝ። እኛም በዚህ ሱባኤ እንጠይቅ፤ የእጃችን ሥራ የማን ቤት ይደርሳል? ሌሊት ሰዓታት ስንሰማም ከድምፁ በስተኋላ ያን ወፍጮ እናስታውስ።

የአባታችን የአባ ጊዮርጊስ በረከት፣ የእመቤታችን አማላጅነት አይለየን። ወስብሐት ለእግዚአብሔር፤ አሜን።