በሳምንት 8 ፓውንድ፦ የአጥቂው የጂሚ ደን ሕይወት

በ2015 የሌስተር ሲቲው ጄሚ ቫርዲ በ11 ተከታታይ የሊግ ጨዋታዎች ጎል ባገባ ጊዜ፣ የእንግሊዝ ጋዜጠኞች ከዚህ የበለጠ የሠራ ሰው ነበረ ወይ ብለው የድሮውን መዝገብ ገለጡ። ያገኙትም ስም ከዛሬ ተመልካቾች ብዙዎቹ ሰምተውት የማያውቁት አየርላንዳዊ፣ ጂሚ ደን ነበረ። ደን በ1931–32 የውድድር ዓመት በእንግሊዝ አንደኛ ዲቪዚዮን በ12 ተከታታይ ጨዋታዎች አግብቷል። ቫርዲ በሚቀጥለው ጨዋታ በስዋንዚ ሜዳ ሳይቀናው ስለ ቀረ፣ ከሞተ ብዙ ዘመን የሆነው ሰው መዝገብ ሳይነካ አለፈ። በየመኝታ ክፍላችን ስለ ኳስ እስከ እኩለ ሌሊት የምንከራከር ተማሪዎች የዚህን ሰው ታሪክ ብናውቀው አይከፋም። (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ደን የተወለደው በ1905 በደብሊን ከተማ፣ ሪንግስኤንድ በሚባለው ሰፈር ነው። ሰፈሩ የሊፊ ወንዝ ከባሕር የሚገናኝበት፣ የወደብ ሠራተኞችና የዓሣ አጥማጆች መኖሪያ ነበረ፤ ሻምሮክ ሮቨርስ የተባለው ስመ ጥር ክለብም የተመሠረተው እዚያው ነው። ልጁ ለአቅመ ኳስ በደረሰበት ዘመን አገሩ ሰላም አልነበራትም። በመጀመሪያ ከእንግሊዝ ጋር ጦርነት ሆነ፤ ቀጥሎም ከእንግሊዝ ጋር የተደረገውን ውል የተቀበሉትና ያልተቀበሉት አየርላንዳውያን በ1922 እርስ በርሳቸው ተዋጉ። ደንና ወንድሙ የሪፐብሊካኖች ወገን ናችሁ ተብለው ከራህ በሚባለው ጦር ሰፈር ታሰሩ። እስረኞቹ በግቢው ውስጥ ኳስ ይጫወቱ ነበርና፣ የወደፊቱ አጥቂ ከተለማመደባቸው ሜዳዎች አንዱ የእስር ቤት ሜዳ ሆነ።

ከእስር ሲወጣ በ1923 ሻምሮክ ሮቨርስ ገባ። ይሁን እንጂ ክለቡ በዚያን ጊዜ ፋረል፣ ፍላድ፣ ፉላምና ፌገን የሚባሉ ዝነኛ አጥቂዎች ስለ ነበሩት ለአዲስ ልጅ የሚሆን ቦታ አልተገኘም። ደን በ1925 ባሕሩን ተሻግሮ ኒው ብራይተን ወደሚባል አነስተኛ የእንግሊዝ ክለብ ሄደ። እዚያም ገና ጥቂት ጨዋታ እንደ ተጫወተ በ1926 ሼፊልድ ዩናይትድ ገዛው። በሼፊልድም ቢሆን ሃሪ ጆንሰን የሚባል ጎል የማይጠግብ አጥቂ ከፊቱ ቆሞ ነበርና፣ ሦስት ዓመት ያህል በተጠባባቂው ቡድን ውስጥ ቆየ። በሃያ አንድና በሃያ ሁለት ዓመት ዕድሜ ተራ መጠበቅ ምን ያህል እንደሚያንገበግብ ለናንተ መንገር አያስፈልገኝም።

በ1929–30 በሩ ተከፈተ። ደን በዚያ ዓመት በሊጉ 36 ጎል አገባ፤ በሚቀጥለው 41፤ ከዚያም 33። ከየትም የሚመጣ ኳስ በራሱ ላይ ካረፈ ለበረኛው ጭንቅ ነበረ፤ በቴስታ ጎል በማግባት እርሱን የሚያክል ጥቂት ነው ይባልለት ነበርና። 36ቱ ጎል ምን ያህል ዋጋ እንደ ነበራቸው ለማወቅ የዓመቱን ሰንጠረዥ ማየት ይበቃል። ሼፊልድ ዩናይትድና በርንሊ እኩል 36 ነጥብ አግኝተው ከታች ሲተናነቁ፣ በጎል ስሌት ተበልጦ ወደ ሁለተኛ ዲቪዚዮን የወረደው በርንሊ ነው። 41ዱ ደግሞ የክለቡ የአንድ ዓመት ክብረ ወሰን ሆነ። የ12ቱ ጨዋታ ነገር የመጣው በሦስተኛው ዓመት ነው፤ ከኦክቶበር 1931 መጨረሻ ጀምሮ እስከ አዲሱ ዓመት መግቢያ ድረስ ሳያገባ የወጣበት የሊግ ጨዋታ አልነበረም። በእነዚህ ጨዋታዎች በጠቅላላው 18 ጎል አስቆጥሯል። እንግሊዞች በገና ሰሞን ጨዋታ ስለሚያበዙ፣ ይህ ሁሉ የሆነው በጭቃና በብርድ፣ ከባዱ የቆዳ ኳስ ውሃ ጠጥቶ ድንጋይ በሚያክልበት ወራት መሆኑን መዘንጋት አይገባም።

ታዲያ ይህ ሰው ምን ይከፈለው ነበር? በዚያን ዘመን የእንግሊዝ ሊግ ሕግ ለተጫዋች የሚከፈለውን ደመወዝ በጣሪያ ወስኖት ነበር፤ በጨዋታ ወራት ከፍተኛው በሳምንት 8 ፓውንድ፣ በበጋው ዕረፍት ደግሞ 6 ፓውንድ ነው። 41 ጎል ያገባም ሆነ አንድም ያላገባ ከዚህ ጣሪያ በላይ አያገኝም። ውሉ ቢያልቅም ክለቡ ካልለቀቀው ወደ ሌላ ክለብ መሄድ አይችልም። ሼፊልድ ዩናይትድ ገንዘብ ቢያጥረው በሴፕቴምበር 1933 ደንን ለአርሴናል በ8,250 ፓውንድ ሸጠው። ይህ ገንዘብ በሳምንት 8 ፓውንድ ቢካፈል ከ1,030 ሳምንት በላይ፣ ማለት ወደ ሃያ ዓመት ለሚጠጋ ጊዜ የሚበቃ ደመወዝ ነው። ገንዘቡ ግን ለክለቡ ነው፤ የተሸጠው ሰው በአዲሱ ቤቱም የሚጠብቀው ያው የ8 ፓውንድ ጣሪያ ነበረ። ይህን ስሌት ምን ብሎ መጥራት እንደሚገባ ኢኮኖሚክስ ለሚያጠኑ ጓደኞቼ እተዋለሁ፤ እኔ የምጠራበት ስም ለዚህ መጽሔት የሚሆን አይደለም። የደመወዙ ጣሪያ የተነሣው በ1961፣ ክለቦች ውሉን የጨረሰ ተጫዋች አንቀው የሚይዙበት ሥርዓትም በፍርድ ቤት ሕገ ወጥ የተባለው በ1963 ነው። ሼፊልድ ዩናይትድን የገጠመውስ? ላሟን ሸጦ ወተቱን እንደ ተመኘ ሰው ሆነና፣ በዚያው ዓመት ከሁሉ በታች ጨርሶ ወረደ።

በአርሴናል የነበረው ዘመን አጭር ነው። በ1933–34 ቡድኑ ሻምፒዮን ሲሆን አብሮ ነበረ፤ ነገር ግን አሠልጣኙ ኸርበርት ቻፕማን በጃንዋሪ 1934 ሞተ፤ በማርችም ቴድ ድሬክ ከሳውዝሃምፕተን መጣ። ድሬክ በሚቀጥለው ዓመት 42 የሊግ ጎል ሲያገባ ለደን የቀረለት ቦታ ጥቂት ነበረ። በ1936 እርሱም በተራው ድሬክ ትቶት ወደ መጣው ወደ ሳውዝሃምፕተን ተሸጠ።

ከዚህ ሁሉ ይልቅ የሚያሳዝነኝ የአገሩ ነገር ነው። አየርላንድ ለሁለት ስትከፈል የኳሱም ማኅበር በ1921 ለሁለት ተከፍሎ ነበር፤ አንዱ በቤልፋስት፣ ሌላው በደብሊን። ሁለቱም ራሳቸውን የአየርላንድ ቡድን ብለው ይጠሩ ነበር። ደን ለቤልፋስቱ 7 ጊዜ ተሰልፎ 4 ጎል አገባ። ለደብሊኑ በሜይ 1930 በብረስልስ ከቤልጅግ ጋር በመጀመሪያ ጨዋታው ሁለት አግብቶ ቡድኑ 3 ለ1 አሸነፈ። ከዚያ በኋላ ስድስት ዓመት ሙሉ ደብሊን አላገኘችውም! ክለቦቹ ለደብሊን ጨዋታ ሊለቁት ፈቃደኞች አልነበሩምና፣ ምርጥ ዘመኑ ለባለ ገንዘቡ ክለብ ሲውል አገሩ ከሩቅ ተመለከተች። ይሁንና በ1936 ተመልሶ በጠቅላላው በ15 ጨዋታ 13 ጎል አገባ። ይህን ያህል ጎል በሥራው ላይ ያለ የአገሩ ተጫዋች ሳያልፍ እስከ 1960ዎቹ ቆይቷል።

የመጨረሻው ጨዋታ በሜይ 1939 በብሬመን ከተማ ከጀርመን ጋር ሲሆን ውጤቱ 1 ለ1 ነበረ። የአየርላንድ ተጫዋቾች በዚያን ቀን ለናዚዎች ሰላምታ ክንዳቸውን አንሥተዋል፤ በወጣትነቱ ስለ አገሩ የታሰረው ደን በዚያች ሰዓት ለጓደኞቹ የአየርላንድን የድሮ ውጊያና የ1916ን ዓመፅ እንዲያስታውሱ ተናገረ ይባላል።

በ1937 ወደ ደብሊን ተመልሶ በወጣትነቱ ቦታ ያጣበትን ሻምሮክ ሮቨርስን በተጫዋችነትና በአሠልጣኝነት ያዘ። ቡድኑ በ1938ና በ1939 የሊጉ ሻምፒዮን ሆነ፤ በ1940 ዋንጫውን ወሰደ። ቆይቶም ቦሄሚያንስ የሚባለውን ክለብ አሠለጠነ፤ በ1947 እንደ ገና ወደ ሮቨርስ ተመለሰ። በኖቬምበር 1949 በድንገት በልብ ሕመም ሲሞት ዕድሜው 44 ብቻ ነበረ። ቡድኑን ከእጁ የተረከበው ተጫዋቹ ፓዲ ኮድ ነው፤ ኮድም ወጣቶችን እየሰበሰበ በ1954 ሻምፒዮን አደረጋቸው።