ዋግ ሹም ጎበዜ፤ ከአዝማችነት ወደ ዙፋን

እኛ የጋዝጊብላና የአካባቢዋ ወጣቶች ስለ ዐፄ ቴዎድሮስና ስለ ዐፄ ዮሐንስ ብዙ ሰምተናል። በሁለቱ ነገሥታት መካከል ለሦስት ዓመት ያህል በኢትዮጵያ ዙፋን ላይ የተቀመጡት ንጉሥ የእኛው የዋግ ሰው መሆናቸውን ግን ስንቶቻችን አስተውለነዋል? ስማቸው ዋግ ሹም ጎበዜ ገብረ መድኅን፣ የንግሥ ስማቸውም ዳግማዊ ዐፄ ተክለ ጊዮርጊስ ነው። በታሪክ መጻሕፍት ብዙውን ጊዜ በጥቂት መስመር ይታለፋሉ። እኛ ታሪካቸውን በዚህች ጽሑፍ ለማቅረብ የተነሣነው በአገር ልጅ ለመመካት ብቻ አይደለም። ጦር የሚመራ ሰው የሕዝብ ሹመት ሲይዝ ምን እንደሚገጥመው፣ በጦር የተገኘ ሥልጣንስ በምን እንደሚጸና፣ በምንስ እንደሚናድ የእሳቸው ሕይወት በግልጥ ስለሚያሳየን ነው።

በቅድሚያ ስለ ማዕርግ ስሞች ጥቂት እንበል። መጽሐፍ ቅዱስን ስናነብ የመቶ አለቃና ሻለቃ የተባሉ የሮማ መኮንኖችን እናገኛለን። ቆርኔሌዎስ በቂሣርያ የመቶ አለቃ ነበረ። ሐዋርያው ጳውሎስን በኢየሩሳሌም ከሕዝቡ ቍጣ ያስጣለው ሉስዮስም ሻለቃ ነበረ። የመቶ አለቃ ስሙ መቶ ይበል እንጂ በዚያ ዘመን የሚያዝዘው ሰማንያ ያህል ወታደር ነበር። የእነዚህ ሰዎች ሥራ መዋጋት ብቻ አልነበረም፤ ፀጥታ ያስከብራሉ፣ እስረኛ ይጠብቃሉ፣ የጠብንም ምክንያት ይመረምራሉ። ይሁዳን ይገዛ የነበረው ጳንጥዮስ ጲላጦስ እንኳ፣ በፈረንጆች አቆጣጠር በ1961 በቂሣርያ በተገኘው የድንጋይ ጽሑፍ ላይ የተጠራው ከጦር አዛዥነት በመጣ ማዕርግ ነው። እንግዲህ በሮማውያን ዘንድ የጦር ሰፈርና የፍርድ ወንበር ጎረቤቶች ነበሩ ማለት ይቻላል።

በአገራችንም ነገሩ ተመሳሳይ ነበር። ፊታውራሪ ማለት ከፊት ቀድሞ የሚዘምት ማለት ነው። ቀኝአዝማች የቀኙን ክንፍ፣ ግራዝማች የግራውን ክንፍ ይመራል። ደጃዝማችም የደጅ አዝማች ማለት ነው። ስሞቹ ሁሉ ከሰልፍና ከድንኳን የተወሰዱ ናቸው። በሰላም ጊዜ ግን እነዚሁ ሹማምንት ግብር ያስገቡ፣ ዳኝነት ይቀመጡ፣ አገር ያስተዳድሩ ነበር። ገበሬው ለአቤቱታ የሚሄደው ትናንት ጦር ይዞ ባየው ሰው ደጅ ነበር።

ዋግ ሹም የሚለው ስም ከእነዚህ ይለያል። ፍቺው በዋግ ላይ የተሾመ ማለት ስለሆነ የሰልፍ ቦታን ሳይሆን አገርንና ኃላፊነትን ያመለክታል። በትውፊት እንደሚነገረው በ13ኛው መቶ ዘመን መንግሥት ከዛጔ ቤት ወደ ይኵኖ አምላክ ሲዛወር፣ የዛጔ ዘሮች ዋግን እንዲያስተዳድሩ፣ በንጉሠ ነገሥቱም ፊት ልዩ ክብር እንዲኖራቸው ስምምነት ተደረገ። ሰቆጣም የዚህ ቤት መቀመጫ ሆና ለብዙ ዘመን ኖረች።

ጎበዜ የተወለዱት ከዚህ ቤት ነው። አባታቸው ዋግ ሹም ገብረ መድኅን ሲሆኑ እናታቸው ወይዘሮ አይቸሽ ተድላ ይባላሉ። በአባታቸው የዛጔን፣ በእናታቸው ደግሞ የጎንደር ነገሥታትን ዘር ይቈጥሩ ስለ ነበር ሁለቱ የነገሥታት ሐረጎች በአንድ ሰው ተገናኝተው ነበር ማለት ነው። ይሁን እንጂ ወጣትነታቸው የምቾት አልነበረም። በየካቲት 1847 ዓ.ም. የነገሡት ዐፄ ቴዎድሮስ በዘመነ መሳፍንት የተከፋፈለችውን አገር በአንድ እጅ ለማዋል ሲነሡ፣ በየአውራጃው ሥር የሰደዱትን የባላባት ቤቶች መንካታቸው አልቀረም። የጎበዜ አባት ዋግ ሹም ገብረ መድኅንም በዐፄ ቴዎድሮስ ትእዛዝ በሞት ተቀጡ። ልጅየው የአባታቸውን ሹመት የወረሱት ከአባታቸው ደም ጋር ነው።

በ1850ዎቹ ዓ.ም. አጋማሽ ጎበዜ በንጉሠ ነገሥቱ ላይ ዐመፁ። ያን ጊዜ ዐመፅ በየቦታው ተቀጣጥሎ ነበር። በትግራይ ካሣ ምርጫ ተነሥተዋል፤ በ1857 ዓ.ም. ከመቅደላ ያመለጡት ምኒልክም ሸዋን ይዘዋል። ጎበዜ ከዋግና ከላስታ ተነሥተው ግዛታቸውን እያሰፉ ሄዱ፤ በወልቃይት በኩል የተነሣውን ሌላውን ዐማፂ ጢሶ ጎበዜንም ድል ነሡ። በ1859 ዓ.ም. ዐፄ ቴዎድሮስ ጎንደርን ሲያቃጥሉና አድባራቱን ሲመዘብሩ የብዙ ሰው ልብ ከእሳቸው ሸሸ። ጎበዜም የሕዝቡ ዐይን ከሚያርፍባቸው ሰዎች አንዱ ሆኑ።

በ1860 ዓ.ም. የእንግሊዝ ጦር በጄኔራል ናፒየር አዛዥነት ከቀይ ባሕር ዳርቻ ተነሥቶ ወደ መቅደላ ተጓዘ። መንገዱ በትግራይ፣ ቀጥሎም ጎበዜ በሚገዙት አገር በኩል የሚያልፍ ነበር። ካሣም ጎበዜም ጦሩን አላገዱትም፤ ሁለቱም ከዐፄ ቴዎድሮስ ጋር የየራሳቸው ቂም ነበራቸውና። በሚያዝያ ወር ዐፄ ቴዎድሮስ በመቅደላ ሕይወታቸውን በገዛ እጃቸው አሳለፉ። እንግሊዞች ሲመለሱ ግን ለካሣ ምርጫ ስለ ውለታቸው መድፎችና በመቶ የሚቈጠሩ ጠመንጃዎች ሰጧቸው። ጎበዜ ከዚህ ስጦታ አልደረሳቸውም። በዚያ ወቅት ነገሩ ትንሽ ይመስል ነበር፤ ከሦስት ዓመት በኋላ ግን የዙፋን ጉዳይ ሆነ።

ዐፄ ቴዎድሮስ ከሞቱ ከአራት ወር በኋላ፣ በነሐሴ 1860 ዓ.ም. ጎበዜ ዐፄ ተክለ ጊዮርጊስ ተብለው ነገሡ። የወሰዱት ስም የሚያስገርም ነው። የመጀመሪያው ዐፄ ተክለ ጊዮርጊስ በዘመነ መሳፍንት ስድስት ጊዜ ዙፋን ላይ የወጡ፣ በተደጋጋሚም የተሻሩ፣ ፍጻሜ መንግሥት የሚል ቅጽል የተሰጣቸው ንጉሥ ነበሩ። ጎበዜ ያንኑ ስም ሲያነሡ የጎንደር መንግሥት በእሳቸው ዳግም እንዲጀመር የፈለጉ ይመስለናል። ከዚህም ጋር የጎንደርን አድባራት ለማሳደስ ጥረት አደረጉ። ይህ ሥራቸው በበጎ የሚነሣ ነው።

ከጎረቤት ገዢዎች ጋርም በጋብቻ ተሳሰሩ። የካሣ ምርጫን እኅት ወይዘሮ ድንቅነሽን አገቡ። እኅታቸውን ወይዘሮ ላቀችን ደግሞ ለጎጃሙ ለአዳል ተሰማ፣ ኋላ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ለተባሉት ዳሩ። በዘመኑ ልማድ ጋብቻ የጽሑፍ ውል ያህል ይቈጠር ስለ ነበር ይህ የብልህ ሰው አካሄድ ነው።

ሆኖም አንድ ትልቅ ጉድለት ነበረባቸው። አቡነ ሰላማ በጥቅምት 1860 ዓ.ም. በመቅደላ ዐርፈው ስለ ነበር፣ በዘመኑ ሥርዓት ንጉሥን የሚቀባ ጳጳስ በአገሩ አልነበረም። ካሣ ምርጫ ይህን አስቀድመው ተገንዝበው ወደ ግብፅ ልከው በ1861 ዓ.ም. አቡነ አትናቴዎስን አስመጡ። ከእንግሊዝ ጦር ጋር መጥቶ የቀረውን ጆን ኪርካም የተባለ ሰውም ወታደሮቻቸውን እንዲያሠለጥንላቸው ቀጠሩት። እንግዲህ ጎበዜ ዘውዱንና ብዙውን ሠራዊት ይዘው ሳለ ካሣ ጳጳሱን፣ መድፉንና የሠለጠነውን ወታደር ይዘው ተቀመጡ።

እዚህ ላይ እንደገና ወደ ሮማውያን እንመለስ። ሮማውያን በጥንቱ ሥርዓታቸው ለሹመት የታወቀ መንገድ ነበራቸው። ሰው ለሕዝብ ሹመት ከመወዳደሩ በፊት አሥር ዓመት ያህል በጦር ማገልገል ይጠበቅበት ነበር። ከዚያ በሠላሳ ዓመቱ የግምጃ ቤት ሹም፣ በሠላሳ ዘጠኝ ዳኛ፣ በአርባ ሁለት ዓመቱ ቆንስል ሊሆን ይችል ነበር። ቆንስሎቹ ሁለት ነበሩ፤ ዘመናቸውም አንድ ዓመት ብቻ ነው። ዓመቱ ሲያልቅ ሹመቱን ለተተኪው ያስረክባሉ። ጦር የመራው አዛዥም ከከተማይቱ ክልል ሲገባ የጦር ሥልጣኑን ያስቀምጣል። ወታደሩ ይከበራል፤ ነገር ግን ሰይፉ ከበር ውጭ ይቀራል።

ይህ ሥርዓት የፈረሰው ወታደሮች ከሕጉ ይልቅ ለአዛዦቻቸው መታመን ሲጀምሩ ነው። ዩልዮስ ቄሣር ከክርስቶስ ልደት በፊት በ49 ዓመት ሠራዊቱን ይዞ ሩቢኮን የተባለውን ወንዝ ሲሻገር የርስ በርስ ጦርነት ተነሣ። ከልደት በኋላ በ69 ዓ.ም. በፈረንጆች አቆጣጠር ገልባ፣ ኦቶ፣ ቪቴልዮስና ቬስፓስያን የተባሉ አራት ቄሣሮች በአንድ ዓመት ተፈራረቁ። በ193 ደግሞ የቤተ መንግሥቱ ዘበኞች ቄሣራቸውን ገድለው ዙፋኑን በሐራጅ ሸጡት። ገዢው ዲድዮስ ዩልያኖስም ከሁለት ወር ያህል በኋላ ተገደለ። ከ235 እስከ 284 ባለው ግማሽ ምዕት ዓመት ከሃያ በላይ ሰዎች ነግሠው አብዛኞቹ በሰው እጅ ጠፉ። ሮማ ኃያል ሠራዊት አልጎደላትም። የጎደላት፣ አንዱ ሲወርድ ማን እንደሚተካ ጦር ሳይመዘዝ የሚወስን ሥርዓት ነበር።

በአገራችንም ችግሩ ይኸው ነበር። ለንግሥና የሰሎሞን ዘር መሆን ያስፈልጋል ይባል ነበር፤ ዘር የሚቈጥሩት ግን ብዙ ነበሩ። ከብዙዎቹ መካከል የቱ ይቅደም ለሚለው ጥያቄ ቍርጥ መልስ አልነበረም። ስለዚህ መልሱ የሚገኘው በጦር ሜዳ ነበር። ተክለ ጊዮርጊስ የንጉሠ ነገሥትነት ዘውድ ደፉ፤ ካሣ አልገብርም አሉ። ጋብቻውም፣ ዝምድናውም፣ ጉርብትናውም ሊያስማማቸው አልቻለም።

በ1863 ዓ.ም. ዐፄ ተክለ ጊዮርጊስ ወደ ትግራይ ዘመቱ። ሠራዊታቸው ወደ 60,000 ይደርስ እንደ ነበር፣ የካሣ ጦር ግን ከ12,000 እንደማይበልጥ ይነገራል። በሐምሌ ወር በዓድዋ አቅራቢያ ዐሳም በተባለ ቦታ ዋናው ውጊያ ተደረገ። ብዛት ያለው ሠራዊት፣ በመድፍና በጠመንጃ በተደራጀው፣ በሥነ ሥርዓት በሠለጠነው በጥቂቱ ሠራዊት ድል ተነሣ። ዐፄ ተክለ ጊዮርጊስም ተማረኩ። በግዞት ሳሉ ዐይናቸው እንዲጠፋ መደረጉ ይነገራል፤ ብዙም ሳይቈዩ እዚያው ሞቱ። ካሣ ምርጫም በጥር 1864 ዓ.ም. በአክሱም ዐፄ ዮሐንስ ተብለው በአቡነ አትናቴዎስ እጅ ተቀብተው ነገሡ። እነሆ፣ አንዱ የሌላውን እኅት ያገባ፣ ሁለቱም የአንድ ሃይማኖት ልጆች የሆኑ ሰዎች ፍጻሜ እንዲህ ሆነ። ወይዘሮ ድንቅነሽ በአንድ ቀን ወንድማቸው ድል አደረጉላቸው፤ ባላቸው ደግሞ ድል ተነሡባቸው። የዚያን ቀን ደስታቸው የቱ፣ ኀዘናቸውስ የቱ ነበር እንላለን?

የዋግ ቤት ግን በዐሳም አልተፈጸመም። ዘውዱ ሲጠፋ የአገሩ ሹመት ቀጠለ። በ1888 ዓ.ም. በዓድዋ ጦርነት ዋግ ሹም ጓንጉል የዋግን ሰው ይዘው ዘምተዋል። በጣሊያን ወረራ ጊዜም ደጃዝማች ኃይሉ ከበደ ጠላትን ሲዋጉ ቈይተው በ1930 ዓ.ም. መጀመሪያ ተሠዉ። ይህን ስናስተውል አንድ ነገር እንረዳለን። ጎበዜ በሦስት ዓመት ያጡት ከሌላው ወስደው የደረቡትን ነው። ለአገር በኃላፊነት የተያዘው የአባቶቻቸው ሹመት ግን እስከ 1966ቱ አብዮት ድረስ ዘለቀ። ከዚያ በኋላ የባላባት ሹመት በመላ አገሪቱ ቀርቷል።

ከዚህ ታሪክ እኛ ወጣቶች የምንቀስመው ቁም ነገር ምንድር ነው? አንደኛ፣ ብዛት ዝግጅትን አይተካም። ስድሳ ሺህ ሰው ይዞ መነሣት ልብን ያሞቃል፤ ሆኖም ያልሠለጠነ ብዛት በመከራ ቀን ጫጫታ ብቻ ይሆናል። ሁለተኛ፣ በጦር የተያዘ ሹመት፣ የበለጠ ጦር ያለው ሰው እስኪመጣ ድረስ በአደራ እንደ ተቀመጠ ዕቃ ነው። ዐፄ ቴዎድሮስ የጎበዜን አባት ገደሉ፤ ጎበዜ በቴዎድሮስ ላይ ተነሡ፤ ካሣም በጎበዜ ላይ ተነሡ። ሰንሰለቱ የሚቈረጠው አንዱ ጎበዝ ሌላውን ሲያሸንፍ አይደለም። የሚቈረጠው ሹመት የሚያዝበትና የሚለቀቅበት መንገድ አስቀድሞ ሲታወቅ ነው።

ሦስተኛው ስለ ቂም ነው። የዐሳምን ውጊያ አንሥተን የዋግና የትግራይ ሕዝብ እንዲቃቃር የምናደርግ ከሆነ ታሪክን ሳይሆን ጦርነቱን ወርሰናል ማለት ነው። ሁለቱም ነገሥታት የእኛው ናቸው፤ የሁለቱንም ብርታትና ድካም በእኩል ሚዛን ማየት ይገባናል።

በአገራችን ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቈጨዋል የሚል ተረት አለ። ተረት ሁሉ ግን መካሪ አይደለም። ይህኛው ሹመትን እንደ ማዕድ ያሳየናል፤ ማዕድ ላይ የተቀመጠ ደግሞ ሳይጠግብ መነሣት አይወድም። እኛ ዛሬ ዙፋንም ሠራዊትም የለንም። ነገር ግን በየማኅበራችን ሊቀ መንበር እንመርጣለን፣ ገንዘብ ያዥ እንሾማለን፣ የመጻሕፍቱን ሣጥን ቍልፍ ለአንዱ አደራ እንሰጣለን። ዘመኑ ሲፈጸም መዝገቡን አስተካክሎ፣ ሒሳቡን አሳይቶ፣ ቍልፉን በሰላም ለተተኪው የሚያስረክብ ወጣት፣ ሁለት ታላላቅ ነገሥታት ሊያደርጉት ያልቻሉትን ነገር ይለማመዳል። ልምዱንም ነገ ወደሚሾምበት ወደ ቀበሌው፣ ወደ ወረዳው፣ ወደ ጦር ክፍሉም ይዞት ይሄዳል። ከአሁኑ በዚሁ እንጀምር።