የአየርላንዳዊው አጥቂ የሊያም ዌላን አጭር የሕይወት ታሪክ

በዘንድሮው መጽሔታችን ስለ አንድ ኳስ ተጫዋች ልጽፍ ነው ስል፣ እድርና ኳስ ምን አገናኛቸው የሚል ከመካከላችሁ እንደማይጠፋ አውቃለሁ። ዳሩ ግን ታሪኩን እስከ መጨረሻው ያነበበ ሰው ነገሩ ከእኛ ጉዳይ የራቀ እንዳልሆነ ይረዳዋል ብዬ አምናለሁ። እንግዲህ የማነሣቸው ቀናትና ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ አሳስባለሁ።

ሊያም ዌላን የተወለደው ኤፕሪል 1 ቀን 1935 በአየርላንድ ዋና ከተማ በደብሊን፣ ካብራ በሚባለው የሠራተኛ ሰፈር ነው። አባቱ እሱ ገና ልጅ ሳለ ስለሞቱ፣ እናቱ ያን ሁሉ ቤተሰብ ብቻቸውን ይዘው ቀሩ። ከሰፈሩ ብዙም ሳይርቅ ዳሊማውንት ፓርክ የሚባል ትልቅ የኳስ ሜዳ አለ። የካብራ ልጅ የኳስ ጩኸት እየሰማ ነው የሚያድገው። ሊያምም ሆም ፋርም በሚባለው የደብሊን የታዳጊዎች ክለብ ውስጥ ገብቶ ኳስ ተማረ።

በ1953፣ በ18 ዓመቱ፣ የእንግሊዙ ማንችስተር ዩናይትድ ወሰደው። እንደ ደረሰም ማረፊያ አላገኘም፤ ወዲያው በዚያው ዓመት የወጣቶች ዋንጫ ፍጻሜ ላይ ተሰልፎ ዎልቭስን ካሸነፈው ቡድን ጋር ጎል አገባ። በአገሩ ሊያም የሚባለውን በእንግሊዝ ቢሊ ብለው ጠሩት። ሁለቱም ዊልያም ከሚለው ስም የመጡ ናቸው።

በዚያን ጊዜ የክለቡ አሠልጣኝ የነበረው ማት ባዝቢ፣ የተዘጋጀ ተጫዋች በብዙ ገንዘብ ከመግዛት ይልቅ ልጆችን ከታች ማሳደግ ይመርጥ ነበር። በዚህም የተነሣ ተጫዋቾቹ የባዝቢ ልጆች ተባሉ። ዌላን በ1955 ወደ ዋናው ቡድን ገባ፤ 8 ቁጥር ለብሶ ከመሐል አጥቂው በስተቀኝ ይጫወት ነበር። ሯጭ አልነበረም። ይሁንና ኳስ እግሩ ሥር ከገባች ማን ይነጥቀዋል! ወዲህ የሚሄድ መስሎ ወዲያ ያልፋል። ከሜዳ ውጭ ደግሞ ዓይነ አፋር፣ ቤተ ክርስቲያን ሳሚ ልጅ ነበር።

ትልቁ ዓመቱ ከ1956 እስከ 1957 ያለው የውድድር ዘመን ነው። ማንችስተር ዩናይትድ የእንግሊዝ ሻምፒዮን ሲሆን፣ በሊጉ 26 ጎል አግብቶ ከክለቡ አንደኛ የሆነው ዌላን ነው። በሁሉም ውድድር ሲደመር 33 ይደርሳል። በአውሮፓ ዋንጫም የቤልጅጉን አንደርሌክትን 10 ለ 0 ሲያሸንፉ ሁለቱ የእሱ ነበሩ።

በጃንዋሪ 1957 ስፔን ውስጥ ከቢልባዎ ጋር የተደረገው ጨዋታ ግን ለብቻው መነገር አለበት። ሜዳው በረዶና ጭቃ ነበር። ዩናይትድ 5 ለ 2 እየተመራ ሰዓቱ ሊያልቅ ሲል፣ ዌላን ከሩቅ ኳስ ይዞ ያን ሁሉ ጭቃ እያቋረጠ፣ ተከላካዮቹን አንድ በአንድ እያለፈ ሄዶ ሦስተኛውን አገባ። 5 ለ 3 ተሸንፈው ወጡ፤ ሽንፈት ነው፣ ግን ተስፋ ያለው ሽንፈት። በማግሥቱም አውሮፕላናቸው በረዶ ስለ ለበሰ ተጫዋቾቹ ራሳቸው በረዶውን ጠርገው ነው የተሳፈሩት። በመልሱ ጨዋታ 3 ለ 0 አሸንፈው አለፉ፤ የዌላን ጎል ባትኖር ኖሮ በድምር ውጤት እኩል ይሆኑ ነበር። የመልሱ ጨዋታ የተደረገበት ቀን ፌብሩዋሪ 6 ነው። ይህን ቀን ያዙልኝ። ከዚያ በኋላ በግማሽ ፍጻሜው ሪያል ማድሪድ አስቀራቸው።

ለአገሩ ለአየርላንድ 4 ጊዜ ተሰልፏል። የደብሊን ሕዝብ ልጁን በደንብ ያየው ግን በሴፕቴምበር 1957 ነው። ዩናይትድ ሻምሮክ ሮቨርስን ሊገጥም ወደ ዳሊማውንት ፓርክ መጣ። ዌላን በተወለደበት ሰፈር አጠገብ፣ ከ40 ሺህ በላይ ተመልካች ፊት፣ ሁለት ጎል አገባ፤ ጨዋታውም 6 ለ 0 አለቀ። ለሚያውቁት ሁሉ እንዴት ያለ ቀን ነበር! ሕይወቱ ሊያልፍ ከአምስት ወር ያነሰ ጊዜ ብቻ እንደ ቀረው ማን ያውቃል?

ኳስ ደግሞ የማይጨክንበት ሰው የለም። በዚያው ክረምት ቡድኑ ሲደካክም ባዝቢ አሰላለፉን ለወጠ። በዌላን ቦታ ቦቢ ቻርልተን የሚባል የ20 ዓመት ልጅ ገባ። ባለፈው ዓመት በሊጉ ከክለቡ አንደኛ ጎል አግቢ የነበረው ሰው ተጠባባቂ ሆነ። በዚያን ጊዜ ጨዋታ ከተጀመረ በኋላ ተጫዋች መቀየር የለም፤ ተጠባባቂ ማለት ከጨዋታው በፊት አንዱ ቢታመም የሚተካ ማለት ነው። እንግዲህ ዌላን ሻንጣውን ይዞ ከጓደኞቹ ጋር ይጓዛል፣ ሲጫወቱ ተቀምጦ ያያል። ወደ ቤልግሬድ የሄደውም እንዲሁ ነው። ፌብሩዋሪ 5 ቀን 1958 ከሬድ ስታር ጋር 3 ለ 3 ወጥተው ወደ ግማሽ ፍጻሜ ሲያልፉ፣ ቻርልተን ሁለት ጎል አገባ፣ ዌላን ግን ሜዳ አልገባም።

በማግሥቱ፣ ፌብሩዋሪ 6፣ አውሮፕላኑ ነዳጅ ለመሙላት ሙኒክ አረፈ። በረዶ ይጥል ነበር። ሁለት ጊዜ ለመነሣት ሞክሮ አልሆነም። ዌላን በአውሮፕላን መሄድ ደስ የማይለው ሰው ነበር። ከአደጋው የተረፈው ግብ ጠባቂ ሃሪ ግሬግ ኋላ እንደ መሰከረው፣ ሦስተኛው ሙከራ ሲጀመር ዌላን ሞት ከሆነም እሱ ዝግጁ እንደሆነ ተናግሯል። አውሮፕላኑ መንደርደሪያው ላይ በተጠራቀመው ውሃ ያዘለ በረዶ ተይዞ መነሣት አቃተው፤ ሜዳውን አልፎ ሄዶ አንድ ቤት መታ። ከ44 ተሳፋሪዎች 23ቱ ሞቱ። ከሟቾቹ 8ቱ ተጫዋቾች ነበሩ። ጥፋቱ መጀመሪያ ባብራሪው ላይ ተጥሎ ነበር፤ በእንግሊዝ አገር ከጥፋቱ ነጻ የተባለው በ1969 ነው። ሊያም ዌላን ሲሞት 22 ዓመቱ ነበር። እጮኛም ነበረችው። ለክለቡ በ98 ጨዋታ 52 ጎል አግብቷል።

አስከሬኑ ወደ ደብሊን ተመለሰ። በሺህ የሚቆጠር ሕዝብ መንገድ ላይ ቆሞ ሸኘው፤ ግላስኔቪን በሚባለው መቃብርም ተቀበረ። ከአምስት ወር በፊት ዳሊማውንት ፓርክ ሆኖ ያጨበጨበለት ከተማ ነው ቆሞ የሸኘው።

ብዙ ጊዜ ነገር እዚህ ላይ ይቆማል፤ ድንኳን ይነቀላል፣ ሰው ወደ ሥራው ይሄዳል። የካብራ ሰዎች ግን አልረሱትም። ከ48 ዓመት በኋላ፣ በ2006፣ በሰፈሩ ያለው የባቡር ድልድይ በሊያም ዌላን ስም ተሰየመ። መታሰቢያውን ለመግለጥ ከእንግሊዝ የመጡት ሰር ቦቢ ቻርልተን ናቸው። ያ በዌላን ቦታ የገባው ልጅ ከአደጋው ተርፎ፣ የዓለም ዋንጫ በልቶ፣ ስመ ጥር ሽማግሌ ሆኖ፣ ቦታውን ለለቀቀለት ጓደኛው ክብር ሊሰጥ መጣ ማለት ነው። በ2008 ደግሞ የአየርላንድ ፖስታ የዌላንን ምስል በቴምብር አወጣ። ቻርልተንም በ2023 ዐረፉ።

እኔ ይህን ታሪክ የምወደው በጎሎቹ ብዛት አይደለም። ሰው ቦታውን ሲያጣ፣ ሌላው ሲጨበጨብለት፣ እሱም ዝም ብሎ ከጓደኞቹ ጋር ሲጓዝ፣ ይህ ከቁጥር የማይገባ ይመስላል። የካብራ ሰዎች ግን ስሙን ሲያቆዩ፣ ተሰልፎ ነበር ወይስ ተቀምጦ ነበር ብለው አልጠየቁም። እኛም ለቀብር ስንወጣ የሟቹን ሹመትና ማዕረግ አንጠይቅም፤ የእኛ ሰው መሆኑ ይበቃል። መቅበር የአንድ ቀን ሥራ ነው፤ ስምን ማቆየት ግን የዕድሜ ልክ ነው።

ነፍሱን ይማር።