ወጋየሁ ንጋቱ፦ ላላነበቡት ያነበበ ሰው

አንዳንድ ሰው በመልኩ ይታወሳል፣ አንዳንዱ በጻፈው። ወጋየሁ ንጋቱን ግን አብዛኛው ሰው የሚያስታውሰው በድምፁ ነው። እኔ እንኳን በአካል ላየው ይቅርና እሱ በ1982 ዓ.ም ሲሞት ገና አልተወለድኩም። ቢሆንም ድምፁን ከልጅነቴ ጀምሮ አውቀዋለሁ። አባቴ የከባድ መኪና ሹፌር ነው። ትምህርት ቤት ሲዘጋ ከአዋሽ ሰባት ኪሎ በገዋኔና በሚሌ በኩል እስከ ሰመራ ይዞኝ ሲሄድ ከዘፈን ይልቅ የሚከፍተው የወጋየሁን የ«ፍቅር እስከ መቃብር» ንባብ ነበር። አባቴ መጽሐፉን አንብቦት አያውቅም፣ ታሪኩን ግን ከኔ በተሻለ ይተርከዋል። ይህን ጽሑፍ እንድጽፍ ያነሳሳኝም ይኸው ነው።

ወጋየሁ በመጀመሪያ ደረጃ የመድረክ ሰው ነበር። በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ሥር በነበረው የኪነ ጥበባት ማዕከል ካደጉት ተዋንያን አንዱ ሲሆን ለትያትር ትምህርትም ወደ ሀንጋሪ ተልኳል። ጸጋዬ ገብረ መድኅን ወደ አማርኛ በመለሰው «ኦቴሎ» ውስጥ ተንኮለኛውን ኢያጎን ሆኖ ተጫውቷል። በቀልድም በመራርም ገጸ ባሕርይ እኩል የሚያምርበት ተዋናይ እንደነበር ያዩት ሰዎች ይናገራሉ።

ስሙን ወደ ገጠሩ ሁሉ ያደረሰው ግን ሬዲዮ ነው። የሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» የታተመው በ1958 ዓ.ም ነው። መጽሐፉ ወፍራም ነው፣ በዚያ ላይ በዚያን ጊዜ ማንበብ የሚችለው ሰው ጥቂት ነበር። ወጋየሁ በኢትዮጵያ ሬዲዮ «ከመጻሕፍት ዓለም» በሚለው ፕሮግራም ሲተርከው መጽሐፉ ፊደል ላልቆጠሩትም ሆነ። አንድ ሰው ብቻውን ማይክራፎን ፊት ተቀምጦ ፊታውራሪ መሸሻን፣ ሰብለ ወንጌልን፣ በዛብህንና ጉዱ ካሳን ይሆናል። ፊታውራሪ ሲቆጡ ድምፁ ይጎረንናል፣ ጉዱ ካሳ ሲናገር ደግሞ የዕብድ የሚመስለው ንግግር ውስጥ ያለው ቁም ነገር ቁልጭ ብሎ ይሰማል። ፊታውራሪው በገዛ ባላገሮቻቸው ላይ ዘምተው እነ አበጀ በለው የሚማርኳቸው ቦታ ላይ አባቴ ሁልጊዜ ይስቃል። ወጋየሁ ግን አድማጩን ለማሳቅ ብሎ ድምፁን አያጣምምም። ፊታውራሪው የምራቸውን ነው የሚፎክሩት፤ ሳቁ የሚመጣውም ከዚያ ነው።

እንግዲህ እኛ የጋዜጠኝነት ተማሪዎች ከዚህ ምን እንማራለን? ባለፈው ሴሚስተር ዜና አንብቤ ነበር። አንድም ቃል አልሳትኩም፣ ነገር ግን ስጨርስ ጓደኞቼን ስለ ምን እንዳነበብኩ ብጠይቃቸው የመለሰልኝ የለም። ለካ እኔም ያነበብኩትን አልገባኝም ነበር! ከዚያ በኋላ የወጋየሁን ንባብ እንደገና ሳዳምጥ አንድ ነገር ገባኝ። ድምፁ ማማሩ ብቻ አይደለም፤ ከማንበቡ በፊት የሚያነበውን አውቆታል። የት ቆም እንደሚል፣ የት እንደሚፈጥን የሚነግረው ታሪኩ ራሱ ነው።

ሌላም የሚያሳስበኝ ነገር አለ። ወጋየሁ በጎልማሳነቱ ነው ያረፈው። በመድረክ ላይ የሠራው አብዛኛው ካዩት ሰዎች ትዝታ ጋር እያለቀ ነው። ንባቡ ግን በቴፕ ስለተቀረጸ ይኸው ዛሬም በሹፌሮች ፍላሽ ውስጥ የአፋርን በረሃ ያቋርጣል። በዚህ አካባቢ ዳጉ አለ፤ ሰው ከሰው ሲገናኝ የሰማውን ሳይጨምር ሳይቀንስ የሚለዋወጥበት። ጥሩ አድርገው የሚተርኩ ሽማግሌዎችም አሉን። ስንቶቻችን ነን በኪሳችን ባለው ስልክ ድምፃቸውን ቀድተን ያስቀመጥን? እኔ እስካሁን አንድም አልቀዳሁም። በዚህ እረፍት ግን ከአባቴ እጀምራለሁ።