ቀኝጌታ ዮፍታሔ ንጉሤና የትያትር ሥራቸው

በአገራችን የትያትር ታሪክ ስማቸው ከፊት ከሚጠራው ሰዎች አንዱ ቀኝጌታ ዮፍታሔ ንጉሤ ናቸው። እኒህ ሰው በጠላት ወረራ ዘመን ስደታቸውን ያሳለፉት ከደጃችን ማዶ በሱዳን ስለ ሆነ፥ ታሪካቸውን ለመተማና ለአካባቢው አንባብያን በዚህ መጽሔት ማቅረብ የተገባ መስሎ ታይቶኛል።

ቀኝጌታ ዮፍታሔ በ1880ዎቹ ዓመታት በጎጃም በደብረ ኤልያስ ተወለዱ። ደብረ ኤልያስ የቅኔ አገር ነው። እሳቸውም እንደ አገራቸው ልማድ ከፊደል ጀምረው ዜማውንና ቅኔውን ተማሩ፤ ገና በወጣትነታቸውም ቀኝጌታ ተባሉ። ይህ ማዕርግ በማኅሌት በቀኝ በኩል ለሚቆሙት መዘምራን አለቃ የሚሰጥ ነው። እንግዲህ ትያትር የሚባለውን ሳያዩ በፊት በብዙ ሰው ፊት ቆሞ ድምፅን ማሰማትና እጅና እግርን ከከበሮና ከጸናጽል ጋር ማስማማት ሞያቸው ነበረ ማለት ነው። እንደ እኔ አሳብ የኋላው ሥራቸው ሁሉ ሥሩ ከዚህ ነው፤ ከአውሮፓ የተቀዳ ብቻ አይደለም።

ከዚያ ወደ አዲስ አበባ መጥተው መምህር ሆኑ። በዚያን ጊዜ ትያትር ለከተማው ሰው እንግዳ ነገር ነበረ። በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በ1913 ዓ.ም. ገደማ ፋቡላ የተባለውን፥ በአውሬዎች ምሳሌ የሹማምንትን ጥፋት የሚነቅፈውን ጨዋታ ቢያሳዩ፥ ቤተ መንግሥቱ ተቆጥቶ ትያትር ተከልክሎ ነበር። ድምፅ የሌለው ሲኒማ በመጣ ጊዜም ሕዝቡ የሚታይበትን ቤት ሰይጣን ቤት ብሎ ሰየመው። የተከበረ የቤተ ክርስቲያን ሊቅ በእንዲህ ያለ ሥራ ላይ እጁን ሲያገባ ምን ያህል ድፍረት እንደሚጠይቅ አንባቢ ይገምተው።

ከ1923ቱ የንግሥ በዓል ወዲህ ግን ትያትር በተማሪ ቤቶች በኩል እንደ ገና በር ተከፈተለት። ቀኝጌታ ዮፍታሔ በቅዱስ ጊዮርጊስ ትምህርት ቤት ሳሉ ድርሰቱን ይጽፋሉ፥ ለተማሪዎቹ ያስጠናሉ፥ ዜማውን ያወጣሉ፥ አቋቋሙንም ያሳያሉ። ሴቶች ወደ መድረክ የማይወጡበት ዘመን ስለ ነበረ የሴቱን ፈንታ ቀሚስ ለብሰው የሚጫወቱት ወንዶች ልጆች ነበሩ። ከድርሰቶቻቸው መካከል ምስክር፥ የሆድ አምላኩ ቅጣት፥ እያዩ ማዘንና አፋጀሽኝ ይገኛሉ። በሙዚቃ በኩል ከአርመናዊው መምህር ከኬቮርክ ናልባንዲያን ጋር ሠርተዋል። እስከ 1966ቱ አብዮት ድረስ አያቶቻችንና ወላጆቻችን ጧት ጧት በሰልፍ የዘመሩት የንጉሠ ነገሥቱ መዝሙርም ዜማው የናልባንዲያን፥ ግጥሙ የእሳቸው ነው።

በ1928 ዓ.ም. ጠላት አገራችንን በያዘ ጊዜ ቀኝጌታ ዮፍታሔ ለስደት ወደ ሱዳን ገቡ። ሕዝቡን በግጥም ሲያነሣሡ የነበሩ ሰው ለፋሺስት ቢገዙ ምን እንደሚጠብቃቸው ያውቁ ነበር። ተመልካች የሌለው የትያትር ሰው ኑሮው ምን እንደሚመስል ማሰብ ይከብዳል፤ ቋንቋው የማይሰማበት አገር ደግሞ ለባለ ቅኔ ከሁሉ የባሰ ነው። በጥቅምት 1933 ዓ.ም. የእንግሊዝ ጦር ከማዶ ገላባትን ሲያስለቅቅ፥ የእኛ መተማ ግን በጠላት እጅ እንደ ሆነች ቀረች። ንጉሠ ነገሥቱ ጥር 12 ቀን 1933 ዓ.ም. ወደ አገር የገቡት ከመተማ በስተ ደቡብ በኦሜድላ በኩል ነው። ቀኝጌታ ዮፍታሔም ከስደት የተመለሱት በዚሁ ዓመት ነው።

ከነጻነት በኋላ በመንግሥት ሥራ ላይ ቆዩ። ኑሯቸው ግን የሹመት ብቻ አልነበረም፤ መከራም ደርሶባቸዋል። በ1939 ዓ.ም. በድንገት ሞቱ። ዛሬ ብሔራዊ ትያትር የምንለው ትልቁ ቤት የተከፈተው በ1948 ዓ.ም. ስለ ሆነ፥ እንዲህ ያለ መድረክ ሳያዩ አለፉ።

ፋቡላ በአዲስ አበባ በታየበት ዘመን፥ በስዊድን አገር ቪክቶር ሾስትሮም የተባለ የመድረክና የሲኒማ ተጫዋች ስለ ሞት ሰረገላ የሚያወሳ ድምፅ አልባ ፊልም ሠርቶ በ1913 ዓ.ም. አሳይቷል። እሱ ከሞተ ስድሳ ዓመት ያለፈው ቢሆንም ፊቱንና አረማመዱን ዛሬም ማየት ይቻላል። የእኛው ሰው ግን ያስጠኗቸው ልጆች በመድረክ ላይ እንዴት እንደ ቆሙ፥ ሕዝቡስ የት ላይ እንደ ሳቀና የት ላይ እንዳለቀሰ የሚያሳይ ፊልም የለም። ከድርሰቶቻቸውም ብዙዎቹ በሕይወታቸው ሳሉ አልታተሙም። የዩኒቨርሲቲ መምህርና ባለቅኔ የነበረው ዮሐንስ አድማሱ የቀረውን ሰብስቦ ሕይወታቸውንና ሥራቸውን ጻፈ፤ ያም መጽሐፍ ታትሞ የወጣው ጸሐፊው ራሱ ከሞተ ከብዙ ዓመታት በኋላ፥ በወንድሙ በዮናስ አድማሱ ድካም ነው።