ሳይሰማ የተሻረው ሹም እና ዋና ዳኛ ኤድዋርድ ኩክ

ሰር ኤድዋርድ ኩክ በእንግሊዝ የሕግ ታሪክ ስማቸው ከፍ ብሎ የሚነሣ ዳኛ ናቸው። ከዳኝነቱ በፊት ግን ሌላ ሰው ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1603 ታዋቂው የባሕር ተጓዥ ሰር ዋልተር ራሌ በአገር ክህደት በዊንቸስተር ለፍርድ ሲቀርቡ፣ ዐቃቤ ሕጉ ኩክ ነበሩ። ራሌ የወነጀላቸው ሰው ፊት ለፊታቸው ቆሞ እንዲመሰክር ደጋግመው ለመኑ፤ አልቀረበም። ኩክ ተከሳሹን በስድብ አዋከቡ፤ የሞት ፍርድም ተፈረደ።

በ1552 በኖርፎክ ግዛት የተወለዱት ኩክ በካምብሪጅ ተምረው በጥብቅና ስም ያተረፉ፣ ከ1594 ጀምሮም የዘውዱ ዋና ዐቃቤ ሕግ የነበሩ ሰው ናቸው። በ1606 ዳኛ ሲሆኑ ጠባያቸው ተለወጠ። ምናልባትም ያገለገሉት ሁልጊዜ የተቀመጡበትን ወንበር ይሆናል። በዓመቱ ለንጉሥ ጄምስ፣ ሕግ በረዥም ጥናት የሚገኝ ዕውቀት ስለሆነ ንጉሡ ራሳቸው ተቀምጠው መዳኘት እንደማይችሉ ነገሯቸው። ንጉሡ እጅግ ተቆጡ። በ1613 ኩክ ማዕረጉ ከፍ፣ ገቢው ግን ዝቅ ወዳለው ወደ ንጉሡ ችሎት ተዛወሩ። ስሙ የኢትዮጵያን ዙፋን ችሎት ያስታውሳል፤ በዚህኛው ግን የሚፈርዱት ዳኞች እንጂ ንጉሡ አልነበሩም።

የፕሊመዙ ጄምስ ባግ አቤቱታ የመጣው በ1615 ወደዚህ ችሎት ነው። ባግ ከወደብ ከተማዋ 12 ዋና ሹማምንት አንዱ ነበር። ከንቲባውን አታላይ ብሎ ሰድቧል፣ አንገቱን እንደሚሰብረው ዝቷል፣ በነውር አኳኋንም ጀርባውን አዙሮበታል። ከሹመቱ ሻሩት። ችሎቱም የከተማዋ ባለሥልጣናት ባግን ወደ ቦታው እንዲመልሱ፣ አለዚያም ምክንያታቸውን እንዲያስረዱ በጽሑፍ አዘዘ። የመለሱት መልስ የስድቦቹ ረዥም ዝርዝር ነበር።

ኩክና ባልደረቦቻቸው ስድቡ አስነዋሪ ቢሆንም ሹመት አያሳጣም አሉ። ከዚያም ዋናውን ነገር ጨመሩ፦ በቂ ምክንያት ቢኖር እንኳ፣ ሰውየው ተጠርቶ መልሱ ሳይሰማ የተደረገ ሽረት ዋጋ የለውም። የችሎቱ ሥልጣንም የበታች ፍርድ ቤቶችን ስሕተት በማረም ብቻ አይወሰንም፤ ሹማምንት በሕዝብ ላይ የሚፈጽሙትን በደል ሁሉ ይመለከታል። የንጉሡ ከፍተኛ ሹም ሎርድ ኤልስሚር፣ ዳኞቹ ራሳቸውን በመንግሥቱ ላይ አለቃ አደረጉ ሲሉ ነቀፉ። ነቀፋው ፈጽሞ መሠረት የለሽ አልነበረም። ባግ ግን ወደ ሹመቱ እንዲመለስ ታዘዘ።

ከዚህ ፍርድ ያደገው ትእዛዝ በላቲን ማንዴመስ፣ ማለትም እናዝዛለን፣ ይባላል። ዳኛው በባለሥልጣኑ ቦታ ተተክቶ አይወስንም፤ ባለሥልጣኑ ጉዳዩን ሰምቶ በሕግ መሠረት እንዲወስን ያስገድደዋል እንጂ። ዛሬ በአሜሪካ የመኖሪያ ወይም የዜግነት ማመልከቻቸው ያለ መልስ ለዓመታት የተቀመጠባቸው ስደተኞች ለፌዴራል ፍርድ ቤት የሚያቀርቡት ክስ ይህንኑ ስም ይዟል። ቢረቱም የሚያገኙት ውሳኔ እንዲሰጣቸው የሚያዝ ትእዛዝ ነው፤ ውሳኔው እምቢታ ሊሆን ይችላል።

በ1616 ንጉሡ አንድ ክርክር ሐሳባቸው እስኪጠየቅ እንዲቆም ሲያዝዙ፣ ሌሎቹ ዳኞች እሺ አሉ። ኩክ ጉዳዩ ሲደርስ ለዳኛ የሚገባውን አደርጋለሁ ከማለት በቀር ቃል አልገቡም። በኅዳር ወር ተሻሩ። በዚያ ዘመን ዳኛ በወንበሩ የሚቆየው ንጉሡ እስከወደዱ ድረስ ነበርና፣ እርሳቸውን ወደ ሹመታቸው የሚመልስ ችሎት አልነበረም።

በኋላ የፓርላማ አባል ሆነው በ1621 መጨረሻ በለንደን ግንብ ታሰሩ፤ ለወራት ያለ ፍርድ ቆዩ። በ1628፣ ሰባ ዓመት ካለፋቸው በኋላ፣ ማንም ሰው ምክንያቱ ሳይገለጽ እንዳይታሰር የጠየቀውን የመብት አቤቱታ በማዘጋጀት ግንባር ቀደም ሆኑ። ንጉሥ ቻርልስም ሳይወዱ ተቀበሉት።

ኩክ በመስከረም 1634 በሞት አፋፍ ላይ ሳሉ የንጉሡ ሰዎች ቤታቸውን ፈትሸው ጽሑፎቻቸውን ወሰዱ። ፓርላማው ከዓመታት በኋላ ወረቀቶቹ ለቤተሰቡ እንዲመለሱ አደረገ፤ የታገዱት የሕግ መጻሕፍታቸውም ታተሙ።